የምዕራብ አፍሪካ የለውዝ ሾርባ በኮኮናት፤ አሠራሩና ጥንቃቄው

(በነዋሪዎች ማኅበራችን የእሑድ ስብሰባ ላይ በባልትና ኮሚቴው የተደረገ ንግግር። ላልተገኙ አባላት እንዲደርስ በማስታወቂያ ሰሌዳው ላይ ሙሉ ቃሉ ወጥቷል።)






እንደምታስታውሱት፣ ባለፈው ስብሰባችን በመጪው የሰፈር የጋራ ማዕድ ላይ ምን ምን እንደሚቀርብ በተነሣ ጊዜ ሁለት ዓይነት አስተያየት ተሰምቶ ነበር። አንደኛው ወገን «የለመድነው ሽሮና ምስር ይበቃናል፤ የማናውቀውን ምግብ ለስልሳ ሰው ማቅረብ ድፍረት ነው» አለ። ሌላው ወገን ደግሞ «በሰፈራችን ከምዕራብ አፍሪካ የመጡ ጎረቤቶች አሉን፤ እነሱ እንጀራችንን ቆርሰው ወጣችንን ሲያወጡ፣ እኛስ የእነሱን ድስት ብንቀምስ ምን ይጎድልብናል?» አለ። በመጨረሻም ኮሚቴው ጉዳዩን አጥንቶ፣ ቀምሶና አስቀምሶ፣ ለነዋሪው በግልጽ ቋንቋ እንዲያስረዳ ተወሰነ። የዛሬው ንግግራችን ለዚያ ውሳኔ የተሰጠ መልስ ነው።

ንግግራችንን በሦስት ከፍለነዋል። መጀመሪያ ሾርባው ከየት እንደመጣ፣ ቀጥሎ አሠራሩን፣ በመጨረሻም ስለ ለውዝ መደረግ ያለበትን ጥንቃቄ እናነሣለን። ከሦስቱ አንዱን ብቻ ይዞ ወደ ቤቱ የሚሄድ ሰው ካለ፣ እባካችሁ ሦስተኛውን ይያዝ። ሾርባው ባይጣፍጥ ጉዳቱ የአንድ ቀን ነው። የሻገተ ለውዝ ግን ጉዳቱ የአንድ ቀን አይደለም።

1. ሾርባው ከየት መጣ?

በጋና በአካን ቋንቋ ለውዝ «ንካቴ» ይባላል፣ ሾርባ ደግሞ «ንክዋን» ነው። ሁለቱ ሲገጣጠሙ «ንካቴንክዋን»፣ ማለትም የለውዝ ሾርባ ይሆናል። ጋናውያን ይህን ሾርባ ከፉፉ ጋር ይበሉታል። ፉፉ ማለት ካሳቫና የሚቀቀለው አረንጓዴ ሙዝ ተቀቅሎ በሙቀጫ እስኪለጠጥ ድረስ የሚወቀጥ ምግብ ነው። በእሑድ ቀን ደግሞ «ኦሞ ቱኦ» ከሚባለው፣ በኳስ ቅርጽ ከተድበለበለ ለስላሳ ሩዝ ጋር ማቅረብ የተለመደ ነው። ወደ ማሊና ወደ ሴኔጋል ስንሄድ ደግሞ ወፈር ብሎ፣ እንደ ወጥ ሆኖ፣ በሥጋ ተሠርቶ በነጭ ሩዝ ላይ ይፈሳል። ይህኛው በሰፊው የሚታወቀው «ማፌ» በሚል ስም ነው። እንግዲህ በየአገሩ ስሙና ውፍረቱ ይለያይ እንጂ መሠረቱ አንድ ነው፤ የተፈጨ ለውዝ፣ ቲማቲም፣ ሽንኩርትና የሚያቃጥል በርበሬ።

እዚህ ላይ አንድ የሚያስገርም ነገር አለ። ለውዝ በትውልዱ የምዕራብ አፍሪካ ተክል አይደለም። የመጣው ከደቡብ አሜሪካ ሲሆን፣ በ16ኛው መቶ ዘመን በፖርቱጋሎች መርከብ ወደ ምዕራብ አፍሪካ ጠረፍ እንደደረሰ ይታወቃል። ቲማቲሙም፣ በርበሬውም፣ ስኳር ድንቹም፣ ካሳቫውም ከዚያው ከአሜሪካ ምድር የመጡ ናቸው። የምዕራብ አፍሪካ እናቶች ግን አዲሱን ፍሬ በቀላሉ አልተደናገጡበትም። ምክንያቱም ከጥንት ጀምሮ ከመሬት ውስጥ የሚለቀም «ባምባራ ለውዝ» የሚባል የራሳቸው ጥራጥሬ ስለነበራቸው ነው። በሚያውቁት ሙያ አዲሱን ዕቃ አሠለጠኑት። የእኛስ በርበሬ ቢሆን ከባሕር ማዶ የመጣ አይደለም እንዴ? ዛሬ ግን ያለ በርበሬ የኢትዮጵያ ወጥ አለ ብሎ የሚከራከረን ሰው አይገኝም።

ለውዝ ለእነዚያ አገሮች ምግብ ብቻ ሳይሆን የኑሮ መሠረትም ሆኖ ነበር። በሴኔጋል ከዳካር እስከ ሴን ሉዊ የተዘረጋውና እ.ኤ.አ. በ1885 የተከፈተው የባቡር ሐዲድ ዋና ጭነቱ ለውዝ ነበር። በ20ኛው መቶ ዘመን አጋማሽም በሰሜን ናይጄሪያ በካኖ ከተማ፣ ለጭነት የተዘጋጀ ለውዝ በጆንያ በጆንያ ሆኖ እንደ ፒራሚድ ተከምሮ ይታይ ነበር።

ወደ እኛ ስንመለስ ነገሩ እንደምናስበው ሩቅ አይደለም። ለውዝ (ኦቾሎኒ) በአገራችን በምሥራቅ ሐረርጌ፣ በባቢሌ፣ በጉርሱምና በፈዲስ አካባቢ በሰፊው ይመረታል። ከቆሎ ጋር እንበላዋለን፣ በሻይም እንጠጣዋለን። ሱፍ ፈጭታ የጾም ፍትፍት የምትሠራ እናት ደግሞ የዚህን ሾርባ ምስጢር ግማሹን ታውቀዋለች፤ ቅባት ያለው ፍሬ በውሃ ሲበጠበጥ ወተት መስሎ እንደሚወፍር ታውቃለችና። ሽሮ አበጥብጣ የምታውቅ ደግሞ ሌላውን ግማሽ ታውቀዋለች።

ሌላው ዝምድና በቅመም በኩል ነው። በምዕራብ አፍሪካ ጠረፍ የሚበቅል፣ አውሮፓውያን «የገነት ፍሬ» ብለው የሰየሙት፣ ትንንሽና የሚለበልብ ቅመም አለ። ዛሬ ላይቤሪያ የሚባለው አገር ጠረፍ በነጋዴዎች ዘንድ የሚጠራው በዚሁ ቅመም ስም ነበር። ይህ ቅመም ከእኛው ኮረሪማ ጋር የአንድ ወገን፣ የቅርብ ዘመድ ተክል ነው። ስለዚህ ያ ቅመም በገበያችን ባይገኝም በጓዳችን ያለው ኮረሪማ ቦታውን ይሸፍናል ማለት ነው።

ኮኮናቱን በተመለከተ ግን እውነቱን መናገር ይገባናል። ጋናውያንና ማሊያውያን በተለመደው የለውዝ ሾርባቸው ውስጥ የኮኮናት ወተት አይጨምሩም። ኮኮናት የሐሩር ባሕር ዳርቻ ፍሬ ነው። እኛ የምናቀርበው ሁለቱን ያዳቀለ ነው፤ የለውዙ ሾርባ ከምዕራብ አፍሪካ፣ የኮኮናቱና የዝንጅብሉ መዓዛ ከሐሩር አገሮች ማዕድ። ስለዚህ በዕለቱ ማንም ሰው «ይህ ድፍን የጋና ባህል ነው» ብሎ ለእንግዳ እንዳያስተዋውቅ እናሳስባለን። ከጎረቤቶቻችን ጋር ተማክረን ያዳቀልነው ነው ብንል ይበቃል፤ ያስመሰግናልም።

2. አሠራሩ

ለ6 ሰው የሚያስፈልገው ዕቃ የሚከተለው ነው።

— ተፈልፍሎ የተለቀመ ጥሬ ለውዝ፣ 250 ግራም
— መካከለኛ ቀይ ሽንኩርት፣ 2 ራስ
— ነጭ ሽንኩርት፣ 4 ፍሬ፤ ዝንጅብል፣ አውራ ጣት የሚያህል
— የበሰለ ቲማቲም፣ 3፤ የቲማቲም ድልህ፣ 2 የሾርባ ማንኪያ
— ስኳር ድንች፣ ግማሽ ኪሎ (ውስጡ ብርቱካናማ የሆነው ቢገኝ ይመረጣል)
— ጎመን፣ 1 እስር
— ኮኮናት፣ 1 ፍሬ፤ ወይም 400 ሚሊ ሊትር የሚይዝ 1 ቆርቆሮ የኮኮናት ወተት
— ዘይት፣ 2 የሾርባ ማንኪያ
— የሚያቃጥል ቃሪያ፣ 1፤ ሳይቆረጥ
— የተፈጨ ኮረሪማ፣ ግማሽ የሻይ ማንኪያ
— ጨው፣ 2 የሻይ ማንኪያ ገደማ፤ ሎሚ፣ 1
— ውሃ፣ 5 ኩባያ (አንዱ ኩባያ 250 ሚሊ ሊትር የሚይዝ)

ሀ/ ለውዙን ማዘጋጀት። ለውዙን በብረት ምጣድ ላይ በለስላሳ እሳት፣ እጅን ሳያሳርፉ እያመሱ፣ ከ12 እስከ 15 ደቂቃ መቁላት ነው። ልጣጩ ሲላቀቅና ሽታው ቤቱን ሲሞላው ይበቃዋል። ከጠቆረ ሾርባው ይመራል። ከዚያም በሰፌድ ላይ አሽቶ ልጣጩን ማንገዋለል፣ ቀጥሎም በሙቀጫ መውቀጥ ወይም በመፍጫ መፍጨት ነው። መጀመሪያ ዱቄት ይሆናል፤ ከዚያ ይጓጉላል። እዚህ ላይ ብዙ ሰው «ደረቀብኝ» ብሎ ውሃ ይጨምራል። አያስፈልግም። መፍጨቱን ብትቀጥሉ የራሱ ዘይት ይወጣና እንደ ቅቤ ይለሰልሳል።

ለ/ ኮኮናቱን ማዘጋጀት። ፍሬው ተሰብሮ ነጩ ሥጋ ይፈገፈጋል። በ2 ኩባያ ሙቅ ውሃ 10 ደቂቃ ነክሮ፣ በእጅ አሽቶ፣ በንጹሕ ስስ ጨርቅ መጭመቅ ነው። ይህ የመጀመሪያው ወፍራም ወተት ለብቻው ይቀመጣል። በተረፈው ላይ ሌላ 2 ኩባያ ሙቅ ውሃ ጨምሮ ሲጨመቅ ሁለተኛው ቀጭን ወተት ይገኛል። ቀጭኑ ገና ከመጀመሪያው ከውሃው ጋር ይፈላል፤ ወፍራሙ ለመጨረሻ ይቆያል። በቆርቆሮ የሚጠቀም ሰው ግማሹን በ1 ኩባያ ውሃ አቅጥኖ መጀመሪያ፣ ግማሹን ደግሞ በመጨረሻ ይጨምር። ኮኮናት ያላገኘ ወይም ዋጋው ያልተመቸው ቤተሰብ በፋንታው 2 ኩባያ ውሃ ቢጨምር ሾርባው ሾርባ ነው፤ እንዲያውም ወደ ጥንተ ነገሩ ይቀርባል።

ሐ/ ማቁላላት። የተከተፈውን ሽንኩርት በዘይቱ 8 ደቂቃ ያህል እስኪለሰልስ ማቁላላት። እንደ ዶሮ ወጥ እስኪጠቁር መጠበቅ የለብንም። ነጭ ሽንኩርቱንና ዝንጅብሉን ጨምሮ 1 ደቂቃ፣ የቲማቲሙን ድልህ ጨምሮ ቀለሙ ጠቆር እስኪል 3 ደቂቃ፣ የተከተፈውን ቲማቲም ጨምሮ ደግሞ 5 ደቂቃ ማብሰል ነው። የድልሁ ጥሬ ጎምዛዛነት የሚጠፋው በዚህ ጊዜ ስለሆነ ይህችን 3 ደቂቃ አትሽሯት።

መ/ ለውዙን መበጥበጥ። 5 ኩባያ ውሃና ቀጭኑን የኮኮናት ወተት ጨምሮ ማፍላት። ሲፈላ 2 ኩባያ መረቅ በጎድጓዳ ሳሕን ቀድቶ፣ የተፈጨውን ለውዝ በጥቂት በጥቂቱ እያፈሰሱ መበጥበጥ። ለውዙ እንዳለ ድስቱ ውስጥ ከተጣለ ይቋጠርና ከሥር ይይዛል። ሽሮ ስትሠሩ እንዳይጓጉል የምታደርጉትን ጥንቃቄ እዚህም ማድረግ ነው። የተበጠበጠው ወደ ድስቱ ይመለሳል፤ ቃሪያውም ሳይቆረጥና ሳይበሳ ይገባል። ምዕራብ አፍሪካውያን እንዲህ የሚያደርጉት የቃሪያው መዓዛ ለሁሉ እንዲደርስ፣ ማቃጠሉ ግን ልጆችን እንዳያስለቅስ ነው። በለስላሳ እሳት 20 ደቂቃ ይንተከተክ፤ በየጥቂት ደቂቃው የድስቱን ወለል በማማሰያ መፋቅ ግን ግዴታ ነው። ቀላ ያለ ዘይት ከላይ ብቅ ብቅ ሲል ለውዙ መብሰሉን ይነግራችኋል። የምዕራብ አፍሪካ እናት ሰዓት አታይም፤ የምታየው ይህን ዘይት ነው።

ሠ/ ስኳር ድንቹና ጎመኑ። ስኳር ድንቹን በአንድ ጉርሻ መጠን ከትፎ ከጨው ጋር መጨመር፤ በ15 ደቂቃ ይለሰልሳል። ከዚያ በስሱ የተከተፈ ጎመን 5 ደቂቃ ብቻ።

ረ/ መጨረሻው። እሳቱን ዝቅ አድርጎ ወፍራሙን የኮኮናት ወተትና ኮረሪማውን መጨመር። ከዚህ በኋላ መፍላት የለበትም፤ በኃይል ከፈላ ወተቱ ይበጣጠሳል። ለ3 ደቂቃ ሞቅ ይበልና ድስቱ ይውረድ። ቃሪያው በጥንቃቄ ይውጣ። ሎሚው የሚጨመቀው ድስቱ ከወረደ በኋላ ነው። ለውዙም፣ ኮኮናቱም፣ ስኳር ድንቹም ቅባትና ጣፋጭነት ስላላቸው ያለ ሎሚ ሁለተኛው ማንኪያ ይከብዳል። አንዳንድ ወጣቶች ማንጎና አናናስ እንጨምር ያሉትን ሞክረነዋል። ማንጎው በጥርስ የሚያዝ፣ ያልላመ ከሆነ፣ በደቃቁ ተከትፎ ከላይ ጣል ቢደረግበት ያምራል። አናናሱ ግን ሾርባውን ማር ስላስመሰለው ኮሚቴው አልደገፈውም።

ሾርባው ከነጭ ሩዝ ወይም ከዳቦ ጋር ይቀርባል። በእንጀራ መብላት የሚፈልግ ሰው ውሃውን በ2 ኩባያ ቀንሶ ያወፍረው። ጾም ባልሆነ ጊዜ 1 ኪሎ ያህል የዶሮ ብልት ከሽንኩርቱ ጋር ጠበስ አድርጎ፣ ለውዙ ከመግባቱ በፊት በመረቁ 25 ደቂቃ ቀቅሎ መቀጠል ይቻላል። ከላይ በተጻፈው መልኩ ግን ከሥጋና ከወተት ውጤት ሙሉ በሙሉ ነጻ ስለሆነ ለጾመኛም ለማይጾምም በአንድ ድስት ይሆናል።

ስለ ጠቀሜታው ባጭሩ እንናገር። ለውዝ ከክብደቱ ሩብ ያህሉ ፕሮቲን ነው። በመሆኑም በ250 ግራም ለውዝ ለስድስት ሰው ሲደርስ እያንዳንዱ ከለውዙ ብቻ 10 ግራም ያህል ፕሮቲን ያገኛል። ብርቱካናማው ስኳር ድንችና ጎመኑ ሰውነታችን ወደ ቫይታሚን ኤ የሚለውጠውን ንጥረ ነገር ይሰጣሉ። ይህም ወደ ሰውነት በደንብ የሚገባው ከቅባት ጋር ሲበላ ስለሆነ የለውዙ ዘይት ሥራ አለው። ለስላሳ በመሆኑም ጥርሳቸው ለደከመ አረጋውያን ይስማማል።

ለ60 ሰው ሲሠራ ሁሉንም በ10 ማባዛት ይቀላል፤ ነገር ግን ሦስት ነገሮች አይባዙም። አንደኛው ውሃው ነው። በትልቅ ድስት የሚተነው በንጽጽር አነስተኛ ስለሆነ በ10 ሊትር ጀምሮ እያዩ መጨመር ይሻላል። ሁለተኛው ጨውና ቃሪያው ነው። ጨው በ14 የሻይ ማንኪያ፣ ቃሪያ በ4 ጀምሮ መቅመስ። ሦስተኛው ኮኮናቱ ነው። በ10 ፋንታ 5 ቢሆን መዓዛው አይጠፋም፤ ወጪውም ይቀንሳል። ድስቱ አንድ ትልቅ ከሚሆን ሁለት መካከለኛ ቢሆን ይመረጣል፤ ትልቅ ድስት ከሥሩ ሲይዝ ከላይ ያለው ሰው አይታወቀውም።

የተረፈ ሾርባ እንደ ፈላ በትልቅ ድስት አድሮ አይገኝ። በትንንሽ ዕቃ ተከፋፍሎ ቀዝቅዞ፣ በ2 ሰዓት ጊዜ ውስጥ ማቀዝቀዣ ይግባ። ሲሞቅ ደግሞ ለብ ብሎ ሳይሆን በደንብ ተንተክትኮ ይቅረብ። ኮኮናቱ በዚያን ጊዜ ትንሽ ቢበጣጠስም መልኩ ነው እንጂ ጤንነቱ አይነካም።

3. ስለ ለውዝ የሚደረግ ጥንቃቄ

አሁን ወደ ዋናው ነጥብ ደርሰናልና በጥሞና እንድታዳምጡን እንጠይቃለን።

እ.ኤ.አ. በ1960 በእንግሊዝ አገር ከ100,000 በላይ የሚሆኑ የቱርክ ዶሮዎች ምክንያቱ ሳይታወቅ በጥቂት ወራት ውስጥ አለቁ። ሲመረመር የተመገቡት መኖ ከውጭ አገር በመጣ የሻገተ የለውዝ ፋጉሎ የተሠራ ሆኖ ተገኘ። ከዚያ ሻጋታ የሚወጣው መርዝ አፍላቶክሲን ተባለ። ይህ መርዝ ጉበትን የሚጎዳ ሲሆን፣ በዓለም ጤና ድርጅት ሥር ያለው የካንሰር ምርምር ተቋም በሰው ላይ ካንሰር ማምጣታቸው ከተረጋገጠ ነገሮች ተርታ መድቦታል። በተለይ ሄፓታይተስ ቢ ያለበት ሰው ላይ አደጋው በብዙ እጥፍ ይጨምራል። በአንድ ጊዜ ብዙ ከተበላ ደግሞ ሊገድል ይችላል። በጎረቤታችን በኬንያ እ.ኤ.አ. በ2004 በዚሁ መርዝ በተበከለ በቆሎ 317 ሰዎች ታመው 125ቱ ሞተዋል። ይህን የምንናገረው ሰውን ለማስፈራራት ሳይሆን ነገሩ የባልትና ጉዳይ ብቻ አለመሆኑን ለማስረዳት ነው።

ብዙዎቻችን «እሳት የማይገድለው ነገር የለም» የሚል እምነት አለን። ለብዙ ተሕዋስያን እውነት ነው። አፍላቶክሲን ግን ነፍስ ያለው ነገር ሳይሆን ሻጋታው ትቶት የሚሄድ መርዝ ነው። ሻጋታውን እሳቱ ይገድለዋል፤ መርዙን ግን የቤት እሳት አያጠፋውም። ቆልተን፣ ፈጭተን፣ አንድ ሰዓት ብናፈላው እንኳ አብዛኛው በቦታው ይቆያል። ከተፈጨ በኋላ ደግሞ መጥፎው ከደኅናው አይለይም። ስለዚህ መከላከያችን ያለው ከእሳቱ በፊት፣ በለቀማው ላይ ነው። ሳይቃጠል በቅጠል ማለት ይኸው ነው።

በመሆኑም ኮሚቴው የሚከተለውን ያሳስባል።

አንደኛ፣ የምንገዛው ሙሉ ፍሬውን ለውዝ ይሁን። የተፈጨ ወይም የተከካ ሲሆን ምን እንደነበረ አይታወቅም። በዋጋ እጅግ ረክሶ የተገኘ፣ እርጥበት የነካው ወይም የታፈነ ሽታ ያለው ለውዝ ለጋራ ማዕዳችን አይገዛም።

ሁለተኛ፣ ለቀማው ሁለት ጊዜ ይሁን። መጀመሪያ በጥሬው፣ የተጨማደደውን፣ ቀለሙ የተለወጠውን፣ የተሰበረውን፣ ነፍሳት የበሱትን፣ አረንጓዴ ወይም ግራጫ ነገር የታየበትን ማውጣት። ሁለተኛው ከተቆላና ልጣጩ ከወጣ በኋላ ነው፤ ልጣጩ የደበቀው ጥቁረት ያን ጊዜ ይገለጣል። ስንበላ የመረረንን ፍሬ አንዋጥ፤ እንትፋው።

ሦስተኛ፣ የተጣለውን ለውዝ ለዶሮ ወይም ለላም አንስጥ። «ሰው ካልበላው ከብት ይብላው» የሚለው እዚህ አይሠራም። ላሟ የበላችው መርዝ ከፊሉ በወተቷ ወደ ልጆቻችን ይመለሳል።

አራተኛ፣ በቤት የምናስቀምጠው ለውዝ በደንብ የደረቀ ይሁን። ጆንያው በወለሉ ላይ ሳይሆን በእንጨት ርብራብ ላይ፣ ከግድግዳ ፈቀቅ ብሎ፣ አየር በሚያገኝበት ቦታ ይቀመጥ። ከነቅርፊቱ የገዛን ከሆነም ለመፈልፈል እንዲቀለን ውሃ አንርጭበት፤ ሻጋታው የሚፈልገው ያችኑ እርጥበት ነው።

ከሻጋታው ሌላ፣ ደኅናው ለውዝም ቢሆን የማይስማማው ሰው አለ። እንዲህ ዓይነት ሰው ጥቂት ቢቀምስ እንኳ ከንፈሩና ፊቱ ሊያብጥ፣ ሰውነቱ ሊያሳክከው፣ ሊያስመልሰው፣ ትንፋሽም ሊያጥረው ይችላል። ይህ ሲታይ ውሃ እያጠጡ መጠበቅ አይገባም፤ ወዲያውኑ ወደ ሕክምና መውሰድ ነው። «ትንሽ ትንሽ ይልመድ» እያሉ ማስገደድም ፈጽሞ አይገባም። በዚህ ምክንያት በዕለቱ የለውዙ ሾርባ ለብቻው በሌላ ጠረጴዛ ላይ፣ «ለውዝ ያለበት» የሚል ጽሑፍ ተለጥፎበት ይቀመጣል። ጭልፋውም ወደ ምስሩ ወይም ወደ ሽሮው ድስት አይገባም። ከ5 ዓመት በታች ላሉ ሕፃናት ደግሞ ያልተፈጨ ሙሉ ለውዝ አይሰጣቸው፤ ጉሮሯቸውን ሊዘጋው ይችላልና።

የተከበራችሁ ነዋሪዎች፣

«የማናውቀውን ምግብ ማቅረብ ድፍረት ነው» ላሉት ወገኖቻችን መልሳችን፣ ሥጋታቸው ትክክል ስለነበረ ሥራችንን ከጥንቃቄው ጀመርን የሚል ነው። ሽሮውና ምስሩ ከቦታቸው አይነሡም። ሾርባው በእነሱ ላይ ይጨመራል እንጂ አይተካቸውም። «የጎረቤቶቻችንን ድስት እንቅመስ» ላሉትም ምኞታቸው ተሰምቷል። ከተማችን እ.ኤ.አ. በግንቦት 1963 የአፍሪካ አንድነት ድርጅት ሲመሠረት የአህጉሩን መሪዎች በአንድ አዳራሽ ያስተናገደች ናት፤ ዛሬም የአፍሪካ ኅብረት መቀመጫ ናት። ሆኖም በአንድ ግቢ ግድግዳ ተለያይተን እየኖርን የጎረቤታችንን ምግብ ስም የማናውቅ ብዙዎች ነን። እነዚህ ጎረቤቶቻችን በሰፈራችን ለቅሶ ሲሆን ይደርሳሉ፤ ቡና ሲጠሩ ይመጣሉ። እስካሁን ግን የመጣው የእነሱ እግር ነው እንጂ የእነሱ ድስት አልነበረም። በመጪው ማዕድ ድስቱም ይጋበዝ ነው የምንለው።

ስለዚህ ጉዳዩ በዛሬው ስብሰባ ድጋፍ ካገኘ የሥራው ክፍፍል እንደሚከተለው ይሆናል። ከማዕዱ ሁለት ቀን በፊት፣ ዓርብ ከሰዓት በኋላ፣ የለውዝ ለቀማ በማኅበሩ አዳራሽ በቀን ብርሃን ይደረጋል፤ በመብራት ለቀማ የለም። ዓይናቸው ጥሩ የሆነ ወጣቶች በብዛት እንዲገኙ ይሁን። መቁላቱና መፍጨቱ ቅዳሜ፣ ማብሰሉ እሑድ ጧት ነው። ሰፌድ፣ ማማሰያና መካከለኛ ድስት ማዋስ የሚችሉ ስማቸውን ያስመዝግቡ። ከምዕራብ አፍሪካ የመጡት ጎረቤቶቻችን ለቅመሳው ዳኛ ለመሆን ተስማምተዋል፤ ዘይቱ ከላይ ብቅ ሳይል ድስቱ እንዳይወርድ እንደሚቆጣጠሩም አስጠንቅቀውናል።

በመጨረሻም፣ እሱ ራሱ ወይም ከቤተሰቡ መካከል ለውዝ የማይስማማው ሰው ያለው ነዋሪ ሁሉ እስከ ዓርብ ድረስ ለባልትና ኮሚቴው እንዲያስታውቅ በጥብቅ እናሳስባለን። ለማስታወቅ የሚያፍር አይኑር። ሌላውን ሁሉ በቅምሻ እናስተካክለዋለን፤ ይህን ግን አስቀድመን ካላወቅን ማስተካከያ የለውም።



የባልትና ኮሚቴ